ሰማንያ ስምንት ዓመት የሞላው አጥቂ

ልጆቼ «የእማዬ ሻንጣ አይፈታም» ይሉኛል። እውነታቸውን ነው። አንዷ ልጄ ሁሩታ ናት፣ አንዷ ባቱ፣ ወንዱ ልጄ አዳማ፤ እኔ በሦስቱ መሀል ስመላለስ ነው የምኖረው። አንዱ ጋ ስሰነብት ሌላው ይናፍቀኛል፤ ከናፈቀኝ ደግሞ የሚያቆመኝ የለም፣ ሲነጋ መናኸሪያ ነኝ። በደራ በኩል የሚያልፉት ሚኒባሶች ረዳቶች ለምደውኛል። «ማዘር፣ ዛሬስ ወዴት?» ይሉና የፊቱን ወንበር ያስለቅቁልኛል። ቤት የለኝም አልልም። ሦስት አለኝ፤ የሚለዋወጠው የምተኛበት ነው።

በዚያ ክረምት ሁሩታ ነበርኩ። ስንዴው ገና ከቁርጭምጭሚት አላለፈም፣ ጭቃው ጫማ ነጥቆ ያስቀራል። ልጄ ከአዳማ ደወለ። ልጄ ሲደውል መጀመሪያ ጤና ይጠይቃል፣ ቀጥሎ ዝናቡን ይጠይቃል፣ ጉዳዩ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ያን ቀን ጤናም ዝናብም አልጠየቀ።

«እማዬ፣ ነይልኝ። ልጄ ካርታ ጀምራለች» አለኝ።

ስልኩን ይዤ በርጩማው ላይ ቁጭ አልኩ።

ካርታ የሚለው ቃል በእኛ ቤት አይነሳም። ለምን እንደማይነሳ ልንገራችሁና እቀጥላለሁ። ባቱን ዝዋይ ስንላት በነበረበት ዘመን ባለቤቴ ባለ ጋሪ ነበር። ዳማ ፈረስ ነበረን። ከሐይቁ ዳር ዓሣ፣ ከመናኸሪያ ሰው ይጭናል፤ ክፉ ሰው አልነበረም፣ ነፍሱን ይማረው። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ልጓሙን ብቻ በእጁ ይዞ በእግሩ መጣ። ፈረሱም ጋሪውም በካርታ ተበልተዋል። ይኼ አዳማ ያለው ልጄ ያኔ ትንሽ ነበር፤ ለፈረሱ ሣር የሚያጭደው እሱ ነበር። የበላው ሰውዬ እዚያው ሰፈር ነበርና ፈረሱን እየነዳ በደጃችን ያልፋል። ፈረስ መበላቱን በምን ያውቃል፤ በደጃችን ባለፈ ቁጥር ወደ ግቢያችን ይታጠፋል። ሰውዬው ጅራፉን ያነሳል። ልጄ አጥሩን ይዞ ቆሞ ያያል። እኔ እንዲገባ እጠራዋለሁ፣ እሱ አይገባም።

እንግዲህ ይህ ልጅ ነው አድጎ «ልጄ ካርታ ጀመረች» ያለኝ። በማግስቱ አዳማ ገባሁ።

ስገባ ቤቱን ጭር ብሎ አገኘሁት። ልጄ መካኒክ ነው፤ ከጋራዥ ሲመጣ እጁን በኦሞ እያሸ ማውራት ይወድ ነበር። አሁን እጁን ይታጠባል፣ ይበላል፣ ይተኛል። ልጅቷ ደግሞ ዘጠነኛ ክፍል ጨርሳለች፣ አስራ አምስት ዓመቷ ነው፣ ከአባቷ ጋር ተኳርፋለች። «አባቴን ጨው አቀብለኝ ብላሃለች በይልኝ» ዓይነት ነገር ነው፤ በእናቷ በኩል ነው የሚነጋገሩት። ምራቴ የአርሲ ልጅ ናት፣ ትዕግሥተኛ ናት፣ በሁለቱ መሀል እንደ ስልክ ቀፎ ሆና ደክሟታል። ልጅቷ እኔን በእናቷ ቋንቋ «አኮ» ነው የምትለኝ፣ አያቴ ማለት ነው። ያን ቀን እሱንም ቀስ ብላ ነው ያለችኝ።

ነገሩን ከሦስቱም ለየብቻ ሰማሁ። ልጅቷ የደብተር መግዣዋን አጥፍታለች። አባቷ ምን አደረግሽው ሲላት «ካርድ ገዛሁበት» አለችው። እሱ ካርድ ሲባል የስልክ ካርድ መሰለው። ስልኳን ቢያየው ሒሳብ የለውም። «የታለ ካርዱ?» አላት። «ከፍቼዋለሁ» አለችው። ነገሩ ግራ ገብቶት ጋራዥ ሲያወራ አንድ የሥራ ባልደረባው፣ ይኼማ ልጆቹ ስልክ ላይ የሚጫወቱት ኳስ ነው፣ ምን እንደሚወጣ ሳያዩ ከፍለው ነው የሚከፍቱት፣ ያው እንደ ካርታ ነው አለው። አለቀ። ልጄ ከዚያ በኋላ ካርድ የሚለውን ቃል አልሰማም። ስልኳን ወስዶ ቁም ሣጥን ውስጥ ቆለፈበት። ጨዋታው ላይ ያላትን ቡድንም ከነጭራሹ ሊያጠፋው ነው።

«ካርታ አይደለም እኮ፣ አኮ። ካርድ ነው» አለችኝ ልጅቷ፣ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀምጣ። «የተጫዋች ካርድ። አንድ ተኩል ዓመት ሙሉ የሰበሰብኩት ቡድን ነው።»

እንዳስረዳችኝ ከሆነ እያንዳንዱ ኳስ ተጫዋች አንድ ካርድ ነው። ካርዶቹ ታሽገው ይመጣሉ፣ እሽጉን ፓክ ይሉታል። ስትከፍተው ማን እንደሚወጣ አታውቅም። ከወጡት አስራ አንዱን ትመርጥና ታሰልፋለህ፣ ከሌላ ሰው ቡድን ጋር ትገጥማለህ፣ ስታሸንፍ የጨዋታው ሳንቲም ታገኛለህ፣ በሳንቲሙ ደግሞ ሌላ ፓክ። በሳንቲሙ ፋንታ በእውነተኛ ብርም ይከፈታል። ይህችን የመጨረሻዋን ቶሎ ብላ ነው ያለፈቻት።

ማታ ልጄ ከእኔ የፈለገው አንድ ቃል ብቻ ነበር። እናት ነኝና እኔ «ይጥፋ» ካልኩ ይጠፋል፣ ልጅቷም እሱን ሳይሆን እኔን ነው የምትቀየመው። ገብቶኛል። እኔ ግን ያልቀመስኩትን ወጥ ጨው በዛው አልልም። በሕይወቴ ስንት ሽምግልና ተቀምጫለሁ፤ ሁለቱንም ወገን ሳይሰሙ መፍረድ ነውር ነው። እዚህ ደግሞ አንደኛው ወገን ስልኩ ነው። እሱን መስማት የሚቻለው በመጫወት ብቻ ነው።

«እኔ ራሴ ጀምሬ ላየው ነው» አልኩት።

ልጄ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቅ አለ፣ ሳቁ ግን የጤና አልነበረም። «አንቺ? ስልክ ላይ ኳስ?»

«አዎ እኔ። ትምህርት እስኪከፈት ጊዜ ስጠኝ። ካርታ ነው ካልኩህ ታጠፋዋለህ፣ እሷም ዳግመኛ አትጠይቅህም። አይደለም ካልኩህ ስልኳን ትመልስላታለህ።»

ተስማማ። ግን እሱም ቃል አስገባኝ፤ ልጅቷ የኔንም ስልክ በጣቷ አትነካም። እሷም ጭንቅላቷን ነቀነቀች። ሁለቱም ወደ እኔ ነው የሚያዩት፣ እርስ በርስ አይተያዩም።

በማግስቱ ስልክ ጥገና ቤት ሄጄ ጨዋታውን ጫንልኝ አልኩት። ልጁ «ለልጅ ልጅዎ ነው እናቴ?» አለኝ። ለራሴ ነው አልኩት። ቀና ብሎ አየኝ፣ መልሶ ስልኩን አየ፣ ከዚያ ጫነልኝና «በርቱ» ብሎ ሰጠኝ። የምሬን እንደሆነ የገባው እሱ ብቻ ነበር።

ልጅቷን ይዣት ወደ ባቱ ወረድኩ። እዚያች ቤት ውስጥ ተቀምጦ ምንም ነገር መጀመር አይቻልም፤ ዝምታው ሰው ይከለክላል። ሚኒባሱ ሞጆን አልፎ ወደ መቂ ሲታጠፍ ስልኬን አወጣሁ። ልጅቷ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዙራ የሽንኩርት ማሳ ታያለች።

እኔ ትምህርት ቤት ደጁን ረግጬ አላውቅም። የራሳችንን ፊደል የለየሁት ከልጆቼ ደብተር ላይ ነው፣ አንድ በአንድ እየቆጠርኩ። የፈረንጁ ፊደል እስከ ዛሬ ለእኔ የጉንዳን ሰልፍ ነው። ቁጥር ግን አውቃለሁ፣ ገበያ ያደገ ሰው ቁጥር አይጠፋውም። ቀለምም አውቃለሁ። ባንዲራም አያለሁ። በእነዚህ ነው የገባሁበት።

ጨዋታው ለጀማሪ ስጦታ ይሰጣል። የመጀመሪያውን እሽግ ነካሁት። ብርሃን ሆነ፣ መጋረጃ ነገር ተከፈተ፣ ሰዎቹ አንድ በአንድ ወጡ። እያንዳንዳቸው ካርድ ላይ ፎቶ አለ፣ ባንዲራ አለ፣ የክለቡ ምልክት አለ፣ ከራሱ በላይ ደግሞ ቁጥር አለ። ካየኋቸው ካርዶች ሁሉ ይህንን የሚመስለው አንድ ብቻ ነው፤ የቀበሌ መታወቂያ። መታወቂያ ላይ ደግሞ ከፎቶው አጠገብ ያለው ቁጥር ምንድን ነው? ዕድሜ ነዋ።

አምሳ ሁለት። አምሳ ስድስት። ስድሳ አንድ። ፊታቸውን ባይ የልጅ ፊት ነው። ግን እኔም መታወቂያዬ ላይ ያለው ፎቶ ጥርሴ ሳይረግፍ የተነሳሁት ነውና አልገረመኝም። አዳማ ውስጥ እሁድ ጠዋት ጎልማሶችና ጡረተኞች ለጤና ብለው ኳስ ይጫወታሉ፤ ሆዳቸውን ይዘው ይሮጣሉ፣ በኋላ ተቃቅፈው ሻይ ይጠጣሉ። ይኼም እንዲያ ያለ የጤና ቡድን ነው አልኩ። በመጨረሻ አንድ ወርቅማ ካርድ በብዙ ግርግር ወጣ። ርችቱ፣ መብራቱ። ሰማንያ ስምንት ይላል። ለክብሩ ነው ርችቱ የተተኮሰለት ብዬ አመንኩ። ይህን ያህል ዕድሜ የጠገበ ሰው ሲመጣ ቆሞ መቀበል ወግ ነው።

ቡድኔን አሰለፍኩ። አምሳ ሁለቶቹንና አምሳ ስድስቶቹን አስገባሁ፤ ጉልበት ያላቸው እነሱ ናቸው። ስድሳ ያለፉትን ወደ ኋላ፣ ብዙ እንዳይሮጡ። ሰማንያ ስምንቱን ተጠባባቂ ወንበር ላይ አስቀመጥኩት። ጥላ ሥር ሆኖ ይይ።

ከዚያ መሸነፍ ጀመርኩ።

ባቱ ያለችው ልጄ አትክልት ትነግዳለች፣ ቀን ቀን ቤት የለችም። እኔ ጠዋት ከልጅቷ ጋር ወደ ሐይቁ ዳር እወርዳለሁ፣ ዓሣ የሚያጸዱበት አጠገብ ጥላ አለ፣ ንፋሱም ኔትወርኩም ደህና ነው። አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች እንደ ቀረጥ ሰብሳቢ ተደርድረው የዓሣ ሆድ ዕቃ ይጠብቃሉ። እኔ ስልኬን ይዤ እጫወታለሁ። በግራ አውራ ጣት መሮጥ፣ በቀኙ ማቀበልና መምታት። ጣቴን እንዳትንቁት፤ ዕድሜ ልኩን ምስር የለቀመ ጣት ነው። በሁለት በሦስት ቀን ውስጥ መሮጡም ማቀበሉም ገባኝ። ግን ጎል የለም። የእኔ ሰዎች ኳስ ይዘው ሲሮጡ ከኋላ የመጣው ሁሉ ያልፋቸዋል። አራት ለባዶ፣ አምስት ለባዶ። ሲያልቅ የተቃራኒው ቡድን ይጨፍራል። እኔ ጥርሴን ነክሼ እንደገና እነካዋለሁ። ልጅቷ ትንሽ ራቅ ብላ ጠጠር ወደ ውሃው ትወረውራለች። አልለመንኳትም።

ብቻዬን አንድ ነገር ደርሼበት ነበር። ሰዎቹን ስደረድራቸው በመሀላቸው መስመር አለ። አንዳንዱ አረንጓዴ ነው፣ አንዳንዱ ቢጫ፣ አንዳንዱ ቀይ። ሰዎቹን ሳቀያይር ቀለሙ ይቀየራል። ለረጅም ሰዓት ስነካካው ዋልኩና ገባኝ፤ ባንዲራቸው አንድ የሆኑት ጎን ለጎን ሲሆኑ አረንጓዴ ይሆናል። ባንዲራቸው ተለያይቶ የክለብ ምልክታቸው አንድ ከሆነም አረንጓዴ ይሆናል። ሁለቱም የሌላቸው ቀይ ናቸው። ይኼማ የምናውቀው ነገር ነው። ሰው በአገር ልጅነት ይቀራረባል፣ አለዚያ በእድር ይቀራረባል። አዳማን የሠራት ይኸው አይደል፤ አንዱ ከመንዝ፣ አንዱ ከአርሲ፣ አንዱ ከሐረር መጥቶ፣ አንድ እድር ሲገባ አንዱ የሌላውን ሬሣ ይሸከማል። ቀዮቹን ግን «የተኳረፉ» አልኳቸው። የተኳረፉትን አራራቅኩ። ተሻለኝ፤ አምስት የነበረው ሦስት ለባዶ ሆነ።

አንድ ቀን እንዲሁ ስልኩን ጭኔ ላይ አድርጌ ሳሰልፍ ልጅቷ ከኋላዬ መጥታ ቆመች። መቆሟን ያወቅኩት ጥላዋ ስክሪኑ ላይ ሲያርፍ ነው።

«አኮ፣ ይኼን ሰውዬ ምነው አስቀመጡት?»

«የቱን?»

«ይኼን። ሰማንያ ስምንቱን።»

«ታዲያ ሰማንያ ስምንት ዓመት የሞላውን ሰው ላሯሩጠው?» አልኳት። «እኔ ስድሳ ዘጠኝ ዓመቴ ነው፣ ደረጃ መውጣት አቅቶኛል።»

መጀመሪያ አልገባትም። ከዚያ አፏን በእጇ ያዘች። ከዚያ ሣሩ ላይ ተቀመጠች፣ ከዚያ ተጋደመች። እንዲያ ስትስቅ ሕፃን ሆና ነው ያየኋት፤ ሆዷን ይዛ፣ እንባዋ እየወረደ። ዓሣ የሚያጸዱት ሴቶች ቢላቸውን አቁመው አዩን፣ አባ ኮዳዎቹም ሁለት እርምጃ ራቅ አሉ።

«ዕድሜ አይደለም አኮ። ችሎታው ነው። ቁጥሩ ሲበዛ ጎበዝ ነው ማለት ነው።»

«እነዚህ አምሳ ሁለቶቹስ?»

«እነሱማ የመጨረሻ ደካሞች ናቸዋ።»

«እኔ ደግሞ ጎልማሶች ናቸው ብዬ ነው የምለፋባቸው» አልኩ። ልጅቷ እንደገና ተጋደመች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አጠገቤ መቀመጥ ጀመረች። እጇን ከጀርባዋ አቆላልፋ ነው የምትቀመጠው፣ እንዳትነካ። በአፏ ብቻ ታስተምረኛለች። ጀማሪ ሰው የሚበላሸው ፓክ ለመክፈት ሲቸኩል ነው አለችኝ፤ መጀመሪያ ጨዋታው በየቀኑ የሚሰጠውን ሥራ መጨረስ ነው፤ ሁለት ጎል አግባ፣ አስር ኳስ አቀብል ይላል፣ ስትጨርስ ይከፍልሃል። ከዚያ ከአንድ አገር ሊግ ብቻ መሰብሰብ፣ መስመሩ ሁሉ አረንጓዴ እንዲሆን። ከዚያ የማያስፈልጉትን ገበያ አውጥቶ መሸጥና በምትካቸው የሚያስፈልገውን መግዛት። እዚህ ላይ ተጣላን። ሰው አልሸጥም አልኳት። ካርድ እኮ ነው አለችኝ። ካርድም ቢሆን ለእኔ ሮጧል አልኩ። ሁለት ቀን ቆየሁና ሸጥኩ፤ ግን አንዱን አምሳ ሁለት ስሸጥ «አገልግለኸናል፣ እግዜር ይስጥህ» ሳልል አልሰደድኩትም። ልጅቷም በኋላ አብራኝ ትላቸው ጀመር።

ሰማንያ ስምንቱን ከወንበሩ አስነሳሁት። ይቅርታም ጠየቅኩት።

ያሸነፍኩት ቀን ዝናብ ሊመጣ ሰማዩ ጠቁሮ ነበር። ሁለት ለሁለት ነን፣ ሊያልቅ ነው። ልጅቷ «ይጠብቁ፣ ይጠብቁ፣ አሁን» አለችኝ። ሰውዬው ኳሷን ይዞ ገባ፣ እኔ በቀኝ አውራ ጣቴ መታሁ፣ መረቡ ተወጠረ። ምንም አልጮህኩም። ስልኩን ደረቴ ላይ አድርጌ ቁጭ አልኩ። ልቤ ግን እንደ ከበሮ ይመታል።

ወዲያው፣ ያ የልቤ ምት ሳይበርድ፣ ስክሪኑ ላይ ሌላ ነገር መጣ። ከሁሉም የሚያበራ ፓክ። ሥሩ ላይ ሰዓት ወደ ታች ይቆጥራል፣ ሊያልቅ ነው። ይኼኛው በሳንቲም አይከፈትም፣ በብር ነው። እኔም ዛሬ ቀኔ ነው አልኩ። ዛሬ ደህና ሰው ይወጣልኛል። ዘጠና የሆነ ሰው። የሁሩታዋ ልጄ ባል ትናንት በስልክ ከላከልኝ ብር ላይ ትንሽ ቢነሳለት ማን ያውቃል አልኩ። ጣቴ ወደዚያ ሄደ። እኔ አልላክሁትም፣ ራሱ ሄደ።

ከመንገዱ በኩል የጋሪ ፈረስ ኮቴ ተሰማኝ። ቀና አልኩ። ባቱ ነው፣ ጋሪ የማያልፍበት ሰዓት የለም። ግን ቀና አልኩ፣ ጣቴም ቆመ።

ባለቤቴን ዕድሜዬን ሙሉ አንድ ነገር ስጠይቀው ኖሬያለሁ፤ እንዴት አስቻለህ እያልኩ። ሞቶም እጠይቀዋለሁ። ያን ቀን መለሰልኝ። ለካ ክፋት አይደለም፣ ስካርም አይደለም። ያሸነፈ ልብ ነው። አሁን ደግሞ ይወጣልኛል የሚል ልብ።

ስልኩን አጥፍቼ ቀሚሴ ሥር ከተትኩት። «ይኼን የሚያበራውን በብር ከፍተሽው ታውቂያለሽ?» አልኳት።

«አንድ ጊዜ» አለች። «በደብተሩ ብር። ብሩን በስልክ ልኬለት ጌም ቤት ያለው ልጅ ገዛልኝ።»

«ማን ወጣልሽ?»

«ያለኝ ሰው። አስቀድሞ የነበረኝን ራሱን መልሶ ሰጠኝ።»

«ከዚያስ?»

ጠጠር አንስታ ሳትወረውረው በእጇ ያዘችው። «ከዚያ፣ ቀሪ ብር ቢኖረኝ ቀጥሎ ጥሩ ሰው ይወጣልኛል ብዬ አሰብኩ።»

ያኔ ነው የፈረሱን ነገር የነገርኳት። ስለ ልጓሙ፣ ፈረሱ በደጃችን ሲያልፍ ወደ ግቢው እንደሚታጠፍ፣ አባቷ አጥር ይዞ እንደሚቆም። አባቷ ነግሯት አያውቅም። እኔም ነግሬያት አላውቅም፤ ቃሉ አይነሳማ በቤታችን። እሷ ለካ አባቷ ስለ ደብተር የተቆጣ ነው የሚመስላት። ወደ ቤት ስንመለስ ዝናቡ ያዘን፣ ጋሪ ተሳፈርን፣ ልጅቷ መንገዱን ሙሉ የፈረሱን ጀርባ ስታይ ሄደች።

ትምህርት ሊከፈት ሲል አዳማ ተመለስን። እራት ተበልቶ ሲያበቃ ልጄንም፣ ምራቴንም፣ ልጅቷንም አስቀመጥኩ። ሽምግልና ነውና እኔ በመሀል ሆንኩ። ስልኬን ለልጄ ሰጠሁትና ክፈት አልኩት። በየቀኑ ሥራ ሠርቼ ያገኘሁት ፓክ ነበር፣ ለዚህ ቀን ያስቀመጥኩት። ሊከለክለኝ ነበር፤ «ነይልኝ ብለኸኝ መጥቻለሁ። አሁን ያየሁትን እይ» አልኩት። በዚያ የጋራዥ ጥቁረት በማይለቀው አውራ ጣቱ ነካው። መጋረጃው ተከፈተ። ልጄ ሳያውቀው ወደ ስልኩ ጎንበስ አለ። ሰባ አራት ወጣ። «ጥሩ ነው?» አለኝ። ጥሩ ነው አልኩት። ቀጥሎ ያ የሚያበራው መጣ፣ ሰዓቱን እየቆጠረ። ልጄ አየው። ጣቱ ከፍ አለ፣ ከዚያ እሳት እንደነካው ሰው እጁን ሰበሰበ።

«አየህ» አልኩት። «አንድ ስልክ ውስጥ ሁለት ነገር አለ። አንተ የከፈትከው የመጀመሪያው ሥራ ነው። ሰው ለፍቶ ያገኘው ነው፣ ቢጠፋበትም የጠፋው ላቡ ነው። ይኼኛው ካርታ ነው። ልክ ነበርክ። ግን ለሁለቱ አንድ ስም ሰጥተህ ነው የቆለፍክባቸው። እኔ የምፈርደው ይኼን ነው፤ ስልኳ ይመለስላት፣ ቡድኗ ይቆይ፣ ብር ግን ወደዚያ ውስጥ አይገባም። አንድም ቀን። የኔም ቢሆን።»

«ቃል ገብቻለሁ» አለች ልጅቷ። ያለችው ለእኔ ነበር። ከዚያ ወደ አባቷ ዞረች፣ ከሰኔ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ።

«አባዬ፣ ስለ ፈረሱ አልነገርከኝም።»

ልጄ ቀና ብሎ እኔን አየኝ፣ እኔ ስልኩ ላይ ያለውን የኳስ ሜዳ አየሁ። ምራቴ ሰሐን ልታነሳ ተነስታ የነበረችው መልሳ ተቀመጠች። ልጄ አሁንም ስልኩን እንደያዘ ነው፤ ያ የሚያበራው ጠፍቶ የእኔ አሰላለፍ ይታያል። ጉሮሮውን ጠረገ።

«ይኼ መሀሉ ላይ ያለው ምነው ቀይ ሆነ?» አለ። ማንን እንደጠየቀ አይታወቅም።

እኔ ልመልስ አፌን ከፍቼ ነበር። ተውኩት።

«ተኳርፈው ነው» አለችው ልጅቷ። ወንበሯን ጎተተች። «አኮ ናቸው እንዲህ የሚሏቸው። አንዱን ወደዚህ ሳበው፣ በጣትህ ይዘህ። አዎ። አሁን ከጎኑ ያለው የክለቡ ልጅ ስለሆነ አረንጓዴ ይሆናል።»

ሳበው። አረንጓዴ ሆነ። «ይኼኛውስ?» አላት። ራሳቸውን ገጥመው ጎንበስ አሉ።

ስልኩ የኔ ነበር። ያን ማታ አልመለሱልኝም፣ እኔም አልጠየቅሁም። በማግስቱ ሁሩታ ስለናፈቀኝ ፌስታሌን ሳዘጋጅ ልጄ ራሱ አምጥቶ ሰጠኝ፣ የእሷንም ስልክ ከቁም ሣጥኑ አውጥቶ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦላታል። ሚኒባሱ ደራን ሲያልፍ ስልኬን ከፈትኩ። ቡድኔን እንዳለ ቀያይረውታል፣ አባትና ልጅ። መስመሩ ሁሉ አረንጓዴ ነው። ሰማንያ ስምንቱን ፈለግኩት። ግንባር ላይ የለም። ተጠባባቂ ወንበር ላይ አስቀምጠውታል።

ደወልኩ። ያነሳው ልጄ ነው፣ ከኋላው የልጅቷ ሳቅ ይሰማል።

«ማነው ሰውዬውን ያስቀመጠው?» አልኩት።

«እማዬ፣ ዕድሜው ነው ብለን ነው» አለኝ።